ባለ ሁለት ቃል ስም በጋይንት፣ በስማዳና በእስቴ

በደቡብ ጎንደር ምሥራቃዊ ክፍል፣ በላይና በታች ጋይንት፣ በስማዳና በእስቴ፣ ከክርስቲያን ቤተሰብ የተወለደ ልጅ ሁለት ስም ይዞ ያድጋል። አንደኛው ቤተሰቡ የሚያወጣለት የዓለም ስም ነው፤ ሁለተኛው ካህን በጥምቀቱ ዕለት የሚሰጠው የክርስትና ስም ነው። የክርስትናው ስም በአብዛኛው ከሁለት የግእዝ ቃላት የተሠራ ነው፦ ገብረ ማርያም፣ ወልደ ጊዮርጊስ፣ ወለተ ሚካኤል፣ አስካለ ማርያም። የዓለሙም ስም ብዙ ጊዜ ከሁለት ቃል ይገጠማል፤ ነገር ግን ቋንቋው አማርኛ ነው፦ ፈንታሁን፣ ደምመላሽ፣ ወርቅነሽ፣ የሺወርቅ። ሁለቱ ስሞች በአንድ ሰው ላይ ተደርበው ይኑሩ እንጂ አሠራራቸውም፣ የሚጠሩበት ቦታም፣ ታሪካቸውም ለየቅል ነው።

የግእዙ ስም ቁልፍ በአንዲት ድምፅ ላይ ነው። በቅኔ ቤት ትምህርት ገብረ ማርያም ሲባል ገብረ ባለ ዘርፍ፣ ማርያም ዘርፍ ይባላሉ። ገብር ብቻውን አገልጋይ ማለት ነው፤ ከሌላ ስም ጋር ሲናበብ፣ ማለትም ተያይዞ ሲነገር፣ የመጨረሻው ፊደል ከሳድስ ወደ ግእዝ ተመልሶ ገብረ ይሆናል። ወልድ ወልደ፣ ወለት ወለተ፣ ኃይል ኃይለ፣ ተክል ተክለ የሚሆኑት በዚሁ ሕግ ነው። እንደ ጽጌ ያለ ቃል ብቻ ሳይለወጥ ይናበባል፤ ጽጌ ማርያም። ስለዚህ ሁለቱን ቃላት የሚያስተሳስራቸው ነገር በመካከላቸው የተጻፈ ምልክት አይደለም፤ እዚያው በመጀመሪያው ቃል ጫፍ ላይ ያለው ድምፅ ነው። ገብረ ብሎ ያቆመ ሰው ስም አልጠራም፤ የማን አገልጋይ እንደሆነ ገና አልተናገረም።

በሌላው ዓለም ያሉ ጥንድ ስሞች ሁሉ እንዲህ አይደሉም። ፈረንሳዮች ዣን-ፖል ወይም ማሪ-ክሌር ሲሉ ጭረቷ ሁለት ራሳቸውን የቻሉ ስሞችን ጎን ለጎን ታቆማለች፤ ዣንም ፖልም ለየብቻቸው ሰው ይጠራባቸዋል። የጋይንቱ ወልደ ጊዮርጊስ የሚቀርበው ለሴማውያኑ ዘመዶቹ ነው። በዕብራይስጥ አብድዩ፣ በዓረብኛ ዓብዱላህ የሚባሉት ስሞች ከገብረ እግዚአብሔር ጋር በአሠራርም በትርጉምም አንድ ናቸው። በእነዚህ ወረዳዎች ክርስቲያኑና ሙስሊሙ ጎረቤታሞች በተለያየ ቋንቋ ለልጆቻቸው ተመሳሳይ ስም ሲያወጡ ኖረዋል ቢባል ከእውነት መራቅ አይሆንም።

አማርኛ የባለቤትነትን ቅደም ተከተል ይገለብጠዋል። ግእዝ አገልጋዩን አስቀድሞ ጌታውን ሲያስከትል፣ አማርኛ ጌታውን ያስቀድማል፤ የማርያም አገልጋይ ይላል። ይህ ልዩነት በሰው ስም ብቻ ሳይሆን በአገሩ ካርታም ላይ ይነበባል። የእስቴ ዋና ከተማ መካነ ኢየሱስ፣ ጎረቤቶቹ ማኅደረ ማርያምና ደብረ ታቦር በግእዝ ሥርዓት የተናበቡ ስሞች ናቸው። የላይ ጋይንቱ ነፋስ መውጫና የታች ጋይንቱ አርብ ገበያ ግን የአማርኛን ቅደም ተከተል ይከተላሉ። ቤተ ክርስቲያን የሰየመችውንና ገበያተኛና መንገደኛ የሰየሙትን ከቃላቱ አቀማመጥ ብቻ መለየት ይቻላል።

የክርስትና ስም የሚሰጥበት ቀን የታወቀ ነው፤ ወንድ በ40 ቀኑ፣ ሴት በ80 ቀኗ። ሥርዓቱ አዳም በ40 ቀን፣ ሔዋን በ80 ቀን ገነት ገቡ ከሚለው ከመጽሐፈ ኩፋሌ ትረካ ጋር ይያያዛል። ለወንድ የክርስትና አባት፣ ለሴት የክርስትና እናት ይቆማል፤ ማተብ ይታሰራል፤ ካህኑም ስሙን ይጠራል። የስሙ ሁለተኛ ቃል የሚመረጠው አብዛኛውን ጊዜ ከወሩ በዓላት ነው። በ12 ሚካኤል፣ በ19 ገብርኤል፣ በ21 ማርያም፣ በ23 ጊዮርጊስ፣ በ27 መድኃኔዓለም ይውላል፤ የልጁ ስምም ወደዚያው ያዘነብላል። በ5ና በ24 ነገሩ ይረዝማል፤ የዕለቱ ጻድቃን ገብረ መንፈስ ቅዱስና ተክለ ሃይማኖት ራሳቸው የተናበበ ስም ያላቸው ናቸውና። በ24 የተጠመቀች ልጅ ወለተ ተክለ ሃይማኖት ስትባል በአንድ ስም ውስጥ ሁለት ጊዜ ተናብቧል፤ የሃይማኖት ተክል፣ የዚያም ተክል ልጅ።

የመጀመሪያው ቃል የበለጠ ምርጫ አለው። ለወንድ ገብረና ወልደ ይበዛሉ፤ ኃይለ፣ ተክለ፣ ኪዳነ፣ ሣህለ፣ ሀብተ፣ ፍቅረ፣ ላእከ ይከተላሉ። ለሴት ወለተ ሁሉን ትበልጣለች፤ ከሷ ቀጥሎ ዐመተ፣ እኅተ፣ ሥርጉተ፣ ፍቅርተ፣ ጸዳለ፣ አስካለ ይመጣሉ። በግእዝ የበሰለ ካህን ከገብረና ከወለተ ወጣ ብሎ የሚያምር ቃል ሊመርጥ ይችላል፤ ይህ አካባቢ ደግሞ የካህን ድኻ ሆኖ አያውቅም። የጋይንቱ ቤተ ልሔም በመላው የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን የድጓ ማስመስከሪያ ነው፤ የእስቴው ቆማም ከቤተ ልሔምና ከአጫብር ጋር ሦስቱ የዜማ ስልቶች ከሚጠሩባቸው ቦታዎች አንዱ ነው። ከሩቅ አገር ለድጓ የመጣ ተማሪ ሁሉ ግእዝን ይዞ መጥቶ ግእዝን አስፍቶ ይሄዳል።

ይህ ስም ለሁሉ አይነገርም። በጎንደር ገጠር የክርስትና ስምን በግልጽ መጥራት ሰውየውን ለመተትና ለዓይነ ጥላ ማጋለጥ ነው ተብሎ ይፈራል። የሚያውቁት ወላጆቹ፣ የክርስትና አባቱ ወይም እናቱ፣ የንስሐ አባቱ ናቸው። ስሙ የሚጠራው በጸሎት፣ በቁርባን፣ በመጨረሻም በፍትሐት ነው፤ ብዙ ሰው የዕድሜ ልክ ጎረቤቱን የክርስትና ስም የሚሰማው በቀብሩ ቀን ነው። ከዚህ ሌላ የሚጻፍበት ቦታ ቢኖር ክታብ ነው። ደብተራው በብራና ጥቅል ላይ አስማቱንና ጸሎቱን ጽፎ ለስሙ ቦታ ይተዋል፤ የባለክታቡ የክርስትና ስም እዚያ ይገባል። ክታቡ ወደ ሌላ ሰው ሲተላለፍ የቀድሞው ስም ተፍቆ አዲሱ ይጻፍበታል። ዛሬ በአውሮፓ ቤተ መጻሕፍት ካሉት የኢትዮጵያ ክታቦች በብዙዎቹ ላይ ይህ የፍቀት ምልክት ይታያል። ባለክታቡ ማን እንደነበር ለማወቅ የሚፈልግ ተመራማሪ ብዙውን ጊዜ የሚያገኘው አንዲት ወለተ እገሌን ብቻ ነው፤ በመንደሯ ማን ተብላ ትጠራ እንደነበር ክታቡ አይናገርም። ምስጢሩ የታሰበለትን ሥራ በሚገባ ሠርቷል ማለት ነው።

ምስጢሩ የማይጸናባቸው ሰዎችም አሉ። ካህናትና መነኮሳት በአደባባይ የሚጠሩት በክርስትና ስማቸው ነው፤ በቀልዳቸው የታወቁት የፎገራው አለቃ ገብረ ሐና ለዚህ የቅርብ ምሳሌ ናቸው። በትግራይም ገብረመድኅንና ኃይለሥላሴን የመሰለ ስም የዕለት መጠሪያ ነው፤ በጎንደር ባላገር ዘንድ ግን ገብረና ወልደ ሲጠሩ የተሰማ እንደሆነ ሰውየው የቤተ ክህነት ሰው ይሆናል ተብሎ መጠርጠሩ አይቀርም።

የነገሥታቱም የክርስትና ስም ለታሪክ ተጽፏል። የምኒልክ ሣህለ ማርያም፣ የእቴጌ ጣይቱ ወለተ ሚካኤል፣ የእቴጌ ምንትዋብ ወለተ ጊዮርጊስ፣ የንግሥት ዘውዲቱ አስካለ ማርያም ነበር። የዘውዲቱ ነገር ከጋይንት ጋር በቀጥታ ይገናኛል። ባለቤታቸው የነበሩት የበጌምድር ገዥ ራስ ጉግሣ ወሌ በንጉሥ ተፈሪ መኮንን ላይ ተነሥተው በጋይንትና በወሎ ወሰን አካባቢ፣ አንቺም ላይ፣ መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. ተገደሉ። ንግሥቲቱም ከሁለት ቀን በኋላ ዐረፉ። ተፈሪ ዘውዱን የጫኑት ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ሲሆን ለመንግሥት ስማቸው የወሰዱት የክርስትና ስማቸውን ነበር፤ ኃይለ ሥላሴ። በበጌምድር ገጠር ከጎረቤት የሚደበቀው ዓይነት ስም በገንዘብና በቴምብር ላይ ታተመ።

ከተናበበው ስም ሌላ፣ ሁለተኛ ዓይነት የግእዝ ጥንድ ስም በቤተ መንግሥት ነበር፤ አረፍተ ነገር የሆነ ስም። ስሟ ከማኅደረ ማርያም ጋር የሚነሣው የዐፄ ሠርፀ ድንግል ባለቤት ማርያም ሥና ትባል ነበር፤ ማርያም ውበቷ ናት እንደ ማለት ነው። ስሟ ከቆማ ፋሲለደስ ጋር የሚያያዘው የዐፄ ሱስንዮስ ባለቤት፣ የዐፄ ፋሲለደስ እናት፣ ወልድ ሠዓላ ናት። እዚህ ላይ ወልደ ሳይሆን ወልድ መባሉን ልብ ይሏል፤ ድምፁ አልተለወጠም፤ ምክንያቱም ወልድ ባለቤት፣ ሠዓላ ግሥ ነው፤ ወልድ ሣላት። የምንትዋብ የዘውድ ስም ብርሃን ሞገሳም ብርሃን ሞገሷ ነው የሚል ሙሉ ዐረፍተ ነገር ነው። በወንዶቹ በኩል በ16ኛውና በ17ኛው ምዕተ ዓመት ነገሥታት የዘውድ ስም ላይ ሰገድ ነገሠ፤ ልብነ ድንግል ወናግ ሰገድ፣ ሚናስ አድማስ ሰገድ፣ ሠርፀ ድንግል መልአክ ሰገድ፣ ሱስንዮስ ሥልጣን ሰገድ፣ ፋሲለደስ ዓለም ሰገድ፣ ቀዳማዊ ኢያሱ አድያም ሰገድ። ዓለም ሰገደ፣ አድማስ ሰገደ ነው ነገሩ። ዘውዱ ከጎንደር ሲርቅ ስሞቹ ወደ ሕዝብ ወረዱ፤ ዛሬ ዓለምሰገድ የተባለ ሰው ማግኘት አስቸጋሪ አይደለም፤ ማንም ግን ዘውድ ተመኘ ብሎ አይከሰውም።

የዓለም ስም የሚኖረው በዚህ በሁለተኛው፣ በዐረፍተ ነገሩ መንገድ ነው። ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል፤ በተግባር ግን የምታወጣው አያት ናት፣ ወይም አባት፣ ወይም ለአራስ ጥየቃ የመጣች ጎረቤት። ስሙም ብዙ ጊዜ የሚናገረው ስለ ልጁ ሳይሆን ልጁ ስለ ደረሰበት ቤት ነው። ልጅ ሞቶበት ሌላ የተወለደለት ቤት ምትኩ፣ ምትኬ፣ ተካ፣ ካሣሁን፣ ፈንታሁን፣ ማስረሻ፣ ይርሳው ይላል። ካሣ ራሱ ከዚህ ወገን ነው፤ ዐፄ ቴዎድሮስም ዐፄ ዮሐንስ 4ኛም ከመንገሣቸው በፊት ካሣ ይባሉ ነበር። ደም ያለበት ቤት ደምመላሽ ብሎ ለሕፃኑ ከወተት ጋር ግዴታ ያጠጣዋል። ጠላት ያለበት ማንደፍሮ፣ ማንያዘዋል ብሎ በጥያቄ መልክ ይፎክራል። ከርሞ የጠገበ ጥጋቡ፣ አዝመራው ይላል፤ በ1880ዎቹ በክፉ ቀን፣ በ1977 ዓ.ም. ደግሞ በድርቅ በተመታ አገር፣ እነዚህ ስሞች እንደ ተራ ደስታ መግለጫ ብቻ መነበብ የለባቸውም።

የአማርኛው ሰዋስው ከግእዙ ይልቅ ብዙ በር አለው። ጥላሁን፣ ጌታሁን ትእዛዝ ናቸው፤ ለሕፃን የሚሰጥ ከባድ ትእዛዝ። ይርጋ፣ ይመር ምኞት ናቸው። ወርቅነሽ፣ እናትነሽ፣ ዓለምነሽ፣ ወንድምነህ ፊት ለፊት ለልጁ ወይም ለልጅቷ የሚነገር ንግግር ናቸው። በእነዚህ ስሞች ጥሪና ሙገሳ አንድ ይሆናሉ፤ ወርቅነሽ ብሎ የጠራ ሁሉ፣ ቢቆጣም እንኳ፣ ወርቅ ነሽ ብሏታል። የሺወርቅ፣ የሺእመቤት፣ የወንድወሰን ደግሞ በየ ተጀምረው የአማርኛን ዘርፍ ይይዛሉ፤ ከገብረ ማርያም ጋር ተቃራኒ ቅደም ተከተል ያላቸው የሥራ አቻዎቹ እነዚህ ናቸው።

ሁለቱ ቋንቋዎች የሚገናኙበት ቦታ ቁልምጫው ነው። ገብረ ገብሬ፣ ወልደ ወልዴ፣ ኃይለ ኃይሌ፣ ተክለ ተክሌ፣ ሣህለ ሣህሌ፣ ሀብተ ሀብቴ ይሆናል። ግእዝ የነበረው የመጨረሻ ፊደል ኃምስ ሆኖ የእኔ የሚል ፍቅር ይጨምራል፤ የታቦቱም ስም ይወድቃል። በዚህ መንገድ አገልጋይነቱ ለመድኃኔዓለም ይሁን ለጊዮርጊስ ሳይታወቅ ስሙ ይጠራል፤ ምስጢር ለሚጠብቅ አገር ምቹ መፍትሔ ነው።

በጽሕፈት በኩል ጥንዱ ስም ዘመን አልፎበታል። በብራና መጻሕፍት እያንዳንዱን ቃል ከቀጣዩ የሚለየው ሁለት ነጥብ ገብረን ከማርያምም ይለይ ነበር። የመስመር ጫፍ ሲደርስ ጸሐፊው ቃሉን ያለ ምንም ምልክት ከፍሎ ወደሚቀጥለው መስመር ያሻግረዋል። በ20ኛው ምዕተ ዓመት ማተሚያና የጽሕፈት መኪና ሲስፋፉ ሁለት ነጥቡ በባዶ ቦታ ተተካ፤ ያን ጊዜ ገብረ ማርያም ሁለት ሰው መምሰል ጀመረ። ሦስት መድኃኒት ተሞከረለት፤ አንዳንዱ ገብረማርያም ብሎ ገጠመው፣ አንዳንዱ በጭረት ገብረ-ማርያም አለው፣ ቢሮዎች ደግሞ በእዝባር ገ/ማርያም ብለው አሳጠሩት። ያሸነፈው እዝባር ነው። የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ኃ/ሥላሴ፣ ተ/ሃይማኖት፣ ገ/እግዚአብሔር ብሎ ሲጽፍ ቀለምም ጊዜም ቆጥቧል።

ቁጠባው ግን ያለ ዕዳ አልመጣም። ተ/ ተክለ ነው፣ ተስፋ ነው፣ ተወልደ ነው? ከሁሉ የከፋው ወ/ ነው። ወልደም ወለተም በአንድ ፊደል ይወከላሉ፤ ወ/ሚካኤል ተብሎ ከተጻፈ ሰውየው ወንድ ይሁን ሴት ከስሙ አይታወቅም። የእቴጌ ጣይቱ የክርስትና ስምና የአንድ ተራ ወታደር የአባት ስም በወረቀት ላይ አንድ ይሆናሉ። ወ/ሮና ወ/ት የሚሉት ማዕረጎችም በዚሁ ፊደል መጀመራቸው አንባቢን አይረዳውም። እዝባር ያጠፋው ደግሞ ዋናውን ነገር ነው፤ ስሙን የሚያናብበውን ያን የመጨረሻ ድምፅ።

ሕግም በስም ጉዳይ ገብቷል። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ከአንቀጽ 32 ጀምሮ ለእያንዳንዱ ሰው የቤተ ዘመድ ስም፣ አንድ ወይም ብዙ የግል ስምና የአባት ስም ይኖረዋል ብሎ ደነገገ። የቤተ ዘመድ ስም የሚባለው በጋይንትም ሆነ በአዲስ አበባ ሥር አልሰደደም፤ ሰው አሁንም በራሱ፣ በአባቱና በአያቱ ስም ይጠራል። የወሳኝ ኩነት ምዝገባና የብሔራዊ መታወቂያ አዋጅ ቁጥር 760/2004 ከወጣ በኋላ ምዝገባው በአገር ደረጃ የተጀመረው ሐምሌ 30 ቀን 2008 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት በገጠር ለተወለደ ልጅ ከመንግሥት መዝገብ ይልቅ የደብሩ የጥምቀት ምስክር ወረቀት ይቀርብ ነበር፤ በዚያ ወረቀት ላይ ደግሞ ተሰውሮ የኖረው የክርስትና ስም ከዓለሙ ስም አጠገብ ይጻፋል። ክታቡ በአንድ ሰው አንገት ላይ የሚያስቀረውን ነገር ወረቀቱ ለየቢሮው ጸሐፊ አሳየው።

ወደ ውጭ አገር የሄዱት ችግሩን በሌላ መልክ አግኝተውታል። የላቲን ፊደል ቅጽ ባዶ ቦታን እንደ ስም ድንበር ስለሚያይ፣ ገብረ ማርያም የተባለ አባት በልጁ ፓስፖርት ላይ ለሁለት ሊከፈል ይችላል፤ ልጁም በአንዱ ቢሮ አቶ ገብረ፣ በሌላው አቶ ማርያም ይባላል። ብዙዎች በዚህ የተነሣ ወደ ጭረት ተመለሱ፤ ሌሎች እንደ ሯጩ ኃይሌ ገብረሥላሴ አንድ ላይ ገጠሙት። የውጭ ጋዜጦች ንጉሠ ነገሥቱን ሥላሴ ብለው በሁለተኛው ቃል ብቻ የጠሩበት ጊዜ መኖሩ የስሙን ሰዋስው ካለማወቅ ነው፤ ለአማርኛ ሰሚ ግን ነገሩ ከስሕተትም አልፎ ድፍረት ነው።

በደብረ ታቦርና በነፋስ መውጫ ለዛሬ ሕፃናት የሚወጣው የዓለም ስም ከአያቶቻቸው ተለይቷል። ደምመላሽና ማንደፍሮ እየቀነሱ ናታንና ሶልያና ይሰማሉ። ጥንዱ ስም ግን አልጠፋም። ቃለአብና ፍቅረአብ የግእዙን መናበብ እንደያዙ ከክርስትና መዝገብ ወደ ትምህርት ቤት ስም ጥሪ ወጥተዋል፤ ያብሥራ ደግሞ የአብ ሥራ ከሚለው አማርኛ ተጨምቆ፣ ጌታውን በማስቀደም፣ አጠገባቸው ተቀምጧል። በ40ና በ80 ቀን የሚሰጠው ስም እንደ ቀድሞው ገብረ፣ ወልደ፣ ወለተ ይላል።